ሟች ገቢ አልነበራትም

ከክፍል ወጥቼ ጠመኔውን ከእጄ ሳላራግፍ ነው ፖሊሶች የያዙኝ። ሚዛን ከተማ እንደ ልማዷ ይዘንብባታል። ፒካፕ ላይ ሲያሳፍሩኝ ተማሪዎቼ በመስኮት ያዩኝ ነበር።

ያስገቡኝ ክፍል ድሮ የቡና መጋዘን ሳይሆን አይቀርም። መስኮት የለውም፤ ብርሃን የሚገባው በበሩ ሥር ነው። እርጥብ ልብስና የሽንት ጄሪካን ይሸታል። ከእኔ ጋር አሥራ አንድ ሆንን። ጥግ ላይ አንድ ሽማግሌ ኬሻ ላይ ተቀምጠዋል፤ ግራ እግራቸው እስከ ጉልበታቸው አብጧል። በሁለት እጃቸው ደግፈው ወደ ራሳቸው ሰበሰቡትና ቦታ ለቀቁልኝ።

«መምህር ነህ አሉ። ወረቀት ታነብልኛለህ?»

ከሸሚዛቸው ሥር በፌስታል የተጠቀለለ የፍርድ ቤት ውሳኔ አወጡ። በቴፒ መንገድ ዳር የሚኖሩ ገበሬ ናቸው። ባለቤታቸው ዝንጅብል ተሸክማ ወደ ገበያ ስትሄድ የጭነት መኪና ገጭቶ ገደላት። ካሳ ጠይቀው ከሰሱ፤ የተፈረደላቸው የቀብር ወጪ ብቻ ነው። ውሳኔው ሲሰማ ዘመድ ጎረቤቱ ወጥቶ እሷ የወደቀችበት ቦታ መንገዱን ዘግቶ ተቀመጠ። ፖሊስ መጥቶ «ከኋላችሁ ማን አለ?» አለ። እሳቸውም በዚሁ ታሰሩ።

አነበብኩላቸው። «ሟች የቤት እመቤት ስለነበረች ገቢ አልነበራትም። በመሆኑም ባሏና ልጆቿ ያጡት መተዳደሪያ የለም።»

«ድገመው።»

ደገምኩት።

«ገቢ ማለት ወደ ቤት የሚገባ ነው አይደል?»

«አዎ።»

«እኔ እግሬ ካበጠ ስምንት ዓመቴ ነው። ታዲያ ወደ ቤቴ ያስገባ ማነው?»

የይግባኙ ጊዜ ሊያልፍ አራት ቀን ቀርቶት ነበር።

በማግስቱ ከሰዓት በኋላ መርማሪው ጠራኝ። ብዙም አልጠየቀኝም። ሦስት ነጭ ወረቀትና እስክሪብቶ ሰጠኝ። «የምታውቀውን ሁሉ ጻፍ። ማን እንደላከህ፣ ከማን ጋር እንደምትገናኝ። ነገ እቀበልሃለሁ» አለ።

ክፍሉ ስመለስ በሩ ሥር ተቀመጥኩና ሽማግሌውን አስጠጋኋቸው። «ይንገሩኝ፣ አባቴ። ቡናውን ማን ይለቅም ነበር?»

«እሷ።»

«እንሰቱንስ ማን ይፍቅ ነበር?»

«እሷ።»

«የልጆቹ ደብተርስ?»

«ከዝንጅብሉ፤ እሷ። መድኃኒቴንም እሷ።» አማርኛው ሲያጥራቸው በሸኮኛ ይናገራሉ፤ አጠገባችን ያለው እስረኛ ይተረጉምልኛል።

«እርስዎስ ምን ይሠሩ ነበር?»

ያበጠ እግራቸውን ዳሰሱ። «ቡናው ሲሰጣ እዚያው ተቀምጬ ዶሮ እከለክል ነበር» አሉ። ከዚያ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዙረው አለቀሱ። 

ሁለቱን ወረቀት በይግባኙ ሞላሁ። አውራ ጣታቸውን በእስክሪብቶው ቀባሁትና ከግርጌው አስፈረምኳቸው። በማግስቱ ረፋድ ላይ ትልቋ ልጃቸው ምግብ አመጣች። ወረቀቱንና ውሳኔውን በባዶው ሳህን አድርገን መለስንላት። በር ላይ ያለው ፖሊስ ክዳኑን ሲከፍት አየሁት። የጣት አሻራውን ትንሽ አየና መልሶ ከደነው። «ሂጂ» አላት።

መርማሪው መጣ። አንዱን ነጭ ወረቀት መለስኩለት።

«ሦስት ነው የሰጠሁህ። ሁለቱስ?»

«ጻፍኩባቸው።»

«ምን ጻፍክ?»

«የማውቀውን።»

ለአንድ ወር ጠያቂ ተከለከልኩ። ስለዚያ ወር ብዙ የምለው የለኝም።

ሽማግሌው ከእኔ በፊት ተፈቱ። እኔ ስፈታ ዓመት አልፎ ነበር። ቤታቸውን አጠያይቄ ሄድኩ፤ አልደረስኩባቸውም። በበጋው አርፈዋል። ልጅቷ ትምህርቷን አቋርጣ ዝንጅብሉን ትኮተኩታለች፤ እጇን በቀሚሷ ጠርጋ ጨበጠችኝ።

«ይግባኙስ?» አልኳት።

«ይግባኙ የተሰማ ቀን አባቴ ስላልቻለ ብቻዬን ቆምኩ። እናቴ የሠራችው ሁሉ በችሎት ተነበበ። ከዚያ ‹ውሳኔው ጸንቷል› አሉኝ።»

 አንገቷን ደፍታ ጨመረች፦ «ጋሼ፣ አንድ ነገር ቀርቷል። እማዬ ስትኮተኩት ትዘምር ነበር። እስከ መንገዱ ድረስ ይሰማል። እሱን እርስዎ አልጻፉትም።»

አባቷ እንዳልነገሩኝ ልነግራት ፈልጌ ተውኩት።

አሁን ወደ ማስተማሩ ተመልሻለሁ። ስለ እስሩ የሚጠይቁኝ ሰዎች መመታት አለመመታቴን ማወቅ ይፈልጋሉ። ያን እነግራቸዋለሁ። ያቺን ሴት ግን በሕይወት አይቻት አላውቅም፤ ስለ እሷ በሕግ ፊት የቆመው ጽሑፍ የእኔ ብቻ ነው። ምን እንደምትሠራ ጠየቅኩ። ምን ዓይነት ሰው እንደነበረች አልጠየቅኩም።