ለባጃጅ ሾፌር የተነገረ ጦርነት

የእስር ክፍሉ በር ሲከፈት መጀመሪያ ያየሁት ቢጫ የውሃ ጀሪካን ነው። ቀጥሎ ከጀሪካኑ አጠገብ ጋቢያቸውን ተከናንበው የተቀመጡትን የደዶውን ሽማግሌ አየሁ። እዚያ ያስገባቸው የእኔ ደብተር ነበር።

ጅማ ዩኒቨርሲቲ፣ ኪቶ ፉርዲሳ ካምፓስ ታሪክ አስተምራለሁ፤ የቀድሞ ወታደሮችን ትዝታም በድምፅ እቀዳ ነበር። ፖሊሶች ሰርቦ ከተማ ላይ ሲይዙኝ «የድሮ ጦር ልታደራጅ ነው?» አሉኝ፤ መቅረጫዬንና ደብተሬን ወሰዱ። ደብተሩ ውስጥ የሽማግሌው ስም ነበረበት።

የሚያንገበግበው ደግሞ ሽማግሌው ምንም ያልነገሩኝ መሆናቸው ነው። ስኳር ይዤ ሦስት ጊዜ ደዶ፣ ቤታቸው ድረስ ተመላልሻለሁ። ስለ ኦጋዴን ጦርነት ስጠይቃቸው «ዘምቻለሁ»፣ አብሯቸው ስለዘመተው ጓደኛቸው ስጠይቃቸው «ሞተ» ይሉና ዝም።

«አባባ፣ ይቅር ይበሉኝ» አልኳቸው።

«ከአላህ ነው። ተቀመጥ» አሉኝና ፊታቸውን አጠገባቸው ወደተጋደመው የባጃጅ ሾፌር መለሱ።

ሾፌሩ ከትራፊክ ፖሊስ ጋር ተጣልቶ የገባ ቦርጫም ጎልማሳ ነው። ለእኔ ላም ባልዋለበት ኩበት ለቀማ የሆነብኝን ታሪክ እሱ በጀርባው ተንጋሎ፣ ጥርሱን እየጎረጎረ ይሰማል። የተበላሸው መኪና፣ አሸዋው፣ የቆሰለው ጓደኛ፣ ሁሉም ለእሱ!

«ኤዬ» ይላል በየመሃሉ፤ በኦሮምኛ «አዎ» ማለቱ ነው። «ወላሂ? ኤዬ፣ ቀጥሉ እንጂ አባባ!»

ታስሬ፣ ሰው አሳስሬ፣ የምቀናው በባጃጅ ሾፌር ነው።

በሦስተኛው ቀን ረፋዱ ላይ ሾፌሩን ለአሻራ ጠሩት። ሽማግሌው ወሬያቸውን መሃል ላይ አቆሙ። አላስቻለኝም።

«ለእኔ ለምን አልነገሩኝም?»

«መቼ ሰማኸኝ? ያንን መሣሪያ አፌ ላይ ደቅነህ ትንፍሽ አትልም። እኛ ጋ ሰሚ ይመልሳል። ካልመለሰ በቃኝ ማለቱ ነው።»

ዝም የምለው ድምፄ ቅጂውን እንዳያበላሽ ነበር። ተማሪዎቼንም ያስተማርኩት እንደዚያው ነው።

«ኤዬ» አልኩ፤ አፌን ሞልቼ ግን አይደለም። ፈገግ አሉ።

«አንዲት ኮዳ ውሃ ቀርታን ነበር፤ ለሁለት። ቁስለኛው ጓደኛዬ ሲተኛ ጨለጥኳት።»

«ኤዬ።»

«ሲነቃ ውሃ አለኝ። ተደፋ አልኩት።»

«ኤዬ።»

«ግድ የለም አለኝ፤ ጢሜ ላይ የቀረችውን ጠብታ እያየ። እስከ ማታ አልቆየም።»

እዚያ ክፍል ውሃ ሲታደል ሁልጊዜ መጨረሻ የሚጠጡት እሳቸው ነበሩ። ያን ቀን ኩባያውን ሞልቼ፣ ብድግ ብዬ በሁለት እጄ ሰጠኋቸው። «ዛሬ እርስዎ ይጀምሩ።» ለረጅም ጊዜ ኩባያውን ሲያዩ ቆዩ። ከዚያ ጠጡ።

ሾፌሩ ተመልሶ «የት ደረሳችሁ?» ሲል «አለቀ» አሉት። ደስ አለኝ። የሚያሳፍር ደስታ ነበር።

ሁላችንም ተፈታን፤ ሽማግሌው ዛሬ በሕይወት የሉም። በተመለሰልኝ መቅረጫ ላይ ያለው ሳላቸውና የእኔ ዝምታ ነው። ሾፌሩ ጅማ ውስጥ ይሠራል፤ ባገኘኝ ቁጥር «መጨረሻው ምን ሆነ?» ይለኛል። «ረሳሁት» እለው ነበር። የሽማግሌውን ምስጢር የጠበቅኩ መስሎኝ ነበር፤ ውሸቴን ነው፣ ለእኔ ብቻ እንዲቀር ፈልጌ ነው።

ባለፈው ሳምንት ግን አሳፍሮኝ ሲሄድ መንገድ ዳር ቆሞ ሞተሩን አጠፋና ወደ እኔ ዞረ።

«ኤዬ?» አለኝ።

ነገርኩት።