ማሻአላህ የማይል ዓይን

የባሌ ወንድም ሚስትና እኔ የወለድነው በአንድ ክረምት፣ ቆቦ ውስጥ፣ አንድ ግቢ ተቀምጠን ነው። እሷ ወንድ፣ እኔ ሴት። እስከዚያ ድረስ ስንዋደድ ለጉድ ነበር። ኋላ ወንድሟ ከጅዳ ለእረፍት ሲመጣ የቪዲዮ ካሜራ ይዞ መጣና ባሏን አስተምሮት፣ "የልጁን እድገት ቅረጹት" ብሎ ተመለሰ። ከዚያ ወዲያ ያችን ሴት በደህና ዓይን አይቻት አላውቅም።

ልጁ መቀመጥ ቻለ፣ ካሜራ ወጣ። ጥርስ አበቀለ፣ ካሜራ ወጣ። የእኔዋም አብቅላለች፤ እንዲያውም ቀድማዋለች። ባሌ ግን ከዋጃ ገበያ ሽንኩርት እንጂ ካሜራ አያመጣ። ልጄ አንድ ፎቶ እንኳን አልነበራትም። የሕፃንነት መልኳ እንደዋዛ ሊያልፍ ነው እያልኩ አንጀቴ እርር ይል ነበር።

አማታችን ካሜራውን ፈሩት።

"ሰውስ ሲያይ ማሻአላህ ይላል። ይኸ ብረት ምን ይላል?" አሉ።

ካሜራው በወጣ ቁጥር የልጁን ፊት በሻሻቸው ይሸፍኑታል። መራመድ ሲጀምር እንኳን ሻሹን ዘርግተው ከፊት ከፊቱ ይሄዱ ነበር። ልጄ እዚያው አጠገቡ አፈር ላይ ትድሃለች።

"እሷንስ ዓይን አይበላትም?" አልኳቸው።

"እሷን ደግሞ ማን አይቷት" አሉኝ።

በካሜራው የቀናሁት ሳያንስ በሻሹም ቀናሁ። በእልህ እኔም ሳልሸፍናት ቀረሁ።

ልጆቹ ትምህርት ቤት ሊገቡ ሲሉ ዋርሳዬ፣ የልጁ አባት፣ ቴሌቪዥን ገዛና የቀረጸውን ካሴት ሊያሳየን ቤተሰቡን ጠራ። እኔም በሩ ሥር ተቀመጥኩ። ሻሽ ታየ። አሁንም ሻሽ። ሁለት ትንንሽ እግሮች፣ ከላያቸው ሻሽ። ከጎን ግን ልጄ አለች፤ አፈር ስትቅም፣ በሁለት ጥርሷ ስትስቅ፣ ቆማ ስትወድቅ፣ ደግሞ ስትነሳ። ልጁ ወደ እናቱ ዞሮ፣ "እኔ የታለሁ?" አላት። አንጀቴ ቅቤ ጠጣ። አማቴም ቴሌቪዥኑ ላይ እንዳፈጠጡ ለልጄ "ማሻአላህ" አሉላት፤ ከተወለደች የመጀመሪያቸው ነው።

በማግስቱ ካሴቱን ፎቶ ቤት ወስጄ ላስገለብጥ የልጁን እናት ለመንኳት።

"የልጄን ካሴት?" አለችኝ።

"የልጅሽማ ፊት የታለና?"

ካሴቱን ሳጥኗ ውስጥ ቆለፈችበትና ልጄን ከእግር እስከ ራሷ አየቻት። ያን አስተያየት ከራሴ አውቀዋለሁ።

ዛሬም ካሴቱ እዚያው ሳጥን ውስጥ ነው። ልጄ አድጋለች፤ "ሕፃን ሆኜ ምን እመስል ነበር?" ስትለኝ በጣቴ የእነሱን ቤት አሳያታለሁ።