ጧፍ የሆነው ልኬ

የልጅ ልጄ ባለፈው ሳምንት ከዩኒቨርሲቲ ለዕረፍት መጥታ፣ መስኮቱ ሥር ቁጭ ብላ ስልኳን ስታነብ ቆየችና "እማማ፣ የልብስ ሰፊ ሜትር አለዎት?" አለችኝ። ጡት መያዣ ከአዲስ አበባ በስልክ ልታዝ ፈልጋ፣ ስልኩ "በመጀመሪያ ራስዎን ይለኩ" ብሏት ኖሯል። ሜትር የለኝም፤ ክር ግን ከቤቴ ጠፍቶ አያውቅም። ሳጥኔን ከፍቼ ስዳብስ መጀመሪያ እጄ ላይ የመጣው በሰም ተቀብቶ የደረቀ፣ መልኩ ቢጫ የሆነ ክር ነበር።

"ይሄ ደግሞ ምንድን ነው? ጧፍ ነው?" ብላ እጇን ሰደደች።

"አትንኪው!" አልኳት። ድምፄ ከፍ ብሎ ኖሮ ደነገጠች። ሌላ ነጭ ክር በጥሼ ሰጠኋትና ወደ ግቢ ወጣሁ። ከዚያ በኋላ መቀመጥ የሚባል ነገር እምቢ አለኝ። በሩን ከፈትኩ፣ ዘጋሁ፤ የተሰጣውን ገብስ ሳያስፈልገው አገላበጥኩ። እኔ እንዲህ ነኝ፤ የቆየ ነገር ሲነካብኝ እግሬ አያርፍም። ልጅቱ ተከትላኝ ወጥታ "ምን ሆነው ነው?" ብትለኝ፣ ገብሱ ዳር ተቀምጬ ነገርኳት። ለእሷ የነገርኩትን ነው እዚህ የምጽፈው።

በጃንሆይ ዘመን መጨረሻ ገደማ ነው፤ ሃያ ዓመት ሞልቶኛል። ትምህርት የጀመርኩት ዘግይቼ ስለነበር ስምንተኛን የጨረስኩት ትልቅ ሰው ሆኜ ነው። ወዲያው እዚሁ ሰቆጣ የትንንሾቹ ክፍል አስተማሪ ሆንኩ። አባቴ አምደወርቅ አጠገብ ባለች ደብር መሪጌታ ነበሩ። ሴት ልጃቸው ደመወዝተኛ መሆኗ ደስ ይላቸዋል፣ ደግሞም አይዋጥላቸውም። ሰቆጣ የምኖረው ከእህታቸው ከእትዬ ብርነሽ ጋር ነበር። እትዬ ደልደል ያሉ፣ ባላቸው የሞቱባቸው፣ ቤተ ክርስቲያን የማይቀሩ፣ ሲቆጡ በአማርኛ ጀምረው በኽምጥኛ የሚጨርሱ ሴት ነበሩ።

ጣጣዬ ደረቴ ነበር። እግዜር አብዝቶ ሰጥቶኛል። በቤት ውስጥ ቢሆን ግድ የለኝም፤ ጠዋት ጠዋት ግን ተማሪዎቹን ሜዳ ላይ አሰልፌ ጂምናስቲክ የማሠራው እኔ ነኝ። እጅ ወደ ላይ፣ ዝለሉ፣ ተቀመጡ፣ ተነሱ። ጥቁር ሰሌዳ ላይ ስጽፍም እጄን ማንሳት አለብኝ። ከኋላ ሳቅ በሰማሁ ቁጥር በእኔ የሚሳቅ ይመስለኝና ላብ ያጠምቀኛል። ስለዚህ በየማለዳው ረጅሙን መቀነት ከብብቴ እስከ ወገቤ ጠምጥሜ፣ ጫፉን በጥርሴ ይዤ ጥፍር አድርጌ አስር ነበር። ትንፋሼ ግማሽ ድረስ ሄዶ ይመለሳል። ጀርባዬ እንደ ተሸካሚ ጀርባ ይቆረጥማል። ምሳ ሰዓት ላይ ቆሎ እንኳ ስቆረጥም መዋጥ ያቅተኛል።

ግንቦት ላይ፣ ፀሐዩ በበረታበት ጠዋት፣ "ዝለሉ!" ብዬ አብሬ ስዘል ሰማዩ ዞረብኝ። ስነቃ ክሊኒክ ውስጥ ነኝ። የክሊኒኩ ቁስል አካሚ፣ የድሬሰሩ ሚስት ወይዘሮ አስካለ መቀነቴን እየፈታች ነው። አስመራ ያደገች፣ ፈጣን፣ አንደበቷ የማይታጠፍ ሴት ናት።

"ራስሽን ልትገድይ ነው?" አለችኝ። "ደረት እንደ ነዶ ይታሰራል?"

የትምህርት ቤቱ ዲሬክተር ክፉ ሰው አልነበረም፤ ግን ተማሪ ፊት መውደቄ አስደንግጦታል። "እህቴ፣ ክረምቱን ዕረፊበት" አለኝ። "መስከረም ላይ ደግሞ ከወደቅሽ ግን ሌላ አስተማሪ እንዲመደብልን እጠይቃለሁ።" ወሬው አምደወርቅ ለመድረስ አልዘገየም። ከአባቴ ዘንድ መልእክት መጣ፤ ሥራው ካልተስማማት ትምጣ፣ የሚጠይቃት ሰው አለ የሚል። ሰውየውን አውቀዋለሁ። እርሻ ያለው፣ ጨዋ፣ አፉን የማይከፍት ሰው ነው። ምንም አልበደለኝም። እሱን ሳስብ ግን ሰሌዳዬና ጠመኔዬ ከእጄ ሲወሰዱ ይታየኝ ነበር፤ ያ ደግሞ ከመቀነቱ የበለጠ ትንፋሼን ይይዘዋል።

ወይዘሮ አስካለ መድኃኒቱን አወቀችልኝ። የራሷን ጡት መያዣ አውጥታ አሳየችኝ። ነጭ፣ ከኋላ ትንንሽ መንጠቆ ያለው፣ በእኔ ዓይን ለሕፃን የተሰፉ ሁለት ኮፍያዎች የተጣመሩበት የሚመስል ነገር። "ደሴ እህቴ አለች፤ ገዝታ ትልክልሻለች" አለችኝ። "ቁጥር ግን አለው። ሁለተኛ፣ ሦስተኛ፣ አራተኛ ይባላል። በግምት የተገዛ እንደሆነ ከመቀነትሽ አይሻልም። ተለኪ።"

እኛ አገር እህል በቁና፣ ሸማ በክንድ፣ መሬት በገመድ ይለካል። ሴት ግን በዓይን ነው የምትለካው፤ ያውም በሌላ ሰው ዓይን። በከተማው ሜትር ያለው በረንዳ ላይ የሚሰፋው ልብስ ሰፊ ብቻ ነው፤ እሱ ዘንድ ሄጄ ሜትርህን አውሰኝ ማለት በአደባባይ መለፈፍ ነው። "ታዲያ ክር የለሽም?" አለች አስካለ። "አንዱን ከጡትሽ ሥር ዙሪያውን፤ አንዱን ከሙላቱ ላይ። ቆዳ አይቆንጥጥ፣ ላልቶም አይንጠልጠል። ዋናው ነገር ትንፋሽሽን ልቀቂው። ክሩን እህቴ ከባለሱቁ ሜትር ጋር ታስተያየዋለች።" ወደ ሰቆጣ የሚመላለሰው የጭነት መኪና ዝናቡ መንገዱን ሳይዘጋው በኮረም በኩል ወደ ደሴ የሚመለስበት የመጨረሻው ጉዞ ደግሞ በሰኔ ማርያም ዕለት ነበር።

በዋዜማው ሲመሽ ጓዳ ገብቼ በእትዬ ፈትል ተለካሁ። የታችኛውን አንድ ቋጠሮ፣ የላይኛውን ሁለት ቋጠሮ ቋጥሬ ትራሴ ሥር አስቀመጥኩና ተኛሁ።

ጠዋት ትራሱን ባነሳው ክሩ የለም። አጎዛውን አራገፍኩ፣ መደቡን ዳበስኩ፣ ጠፋ። እትዬም የሉም። ምድጃው ዳር ግን ሰም የቀለጠበት ገል ተቀምጧል፤ ገና ለብ ይላል። ገሉን ይዤ ትንሽ ቆምኩና ገባኝ። ነጠላዬን እንኳ በደንብ ሳልለብስ ወጣሁ። ገበያው ዳር መኪናው ቆዳና ማር እየጫነ ነው። በተከዜ በኩል ሰማዩ ጠቁሯል። በድንጋዩ ዳገት ወደ ቤተ ክርስቲያኑ እየሮጥኩ፣ ክፉኛ እያለከለክሁ ወጣሁ።

እትዬ በሴቶቹ በር በኩል፣ ዓይናቸውን ጨፍነው፣ ጧፍ አብርተው ቆመዋል። ቅዳሴ እየወጣ ነው። ጧፉ ወደ ጣታቸው ደርሷል፤ ከእሳቱ በታች አንዲት ቋጠሮ ብቻ ቀርታለች። ከላይኛው ክር ሁለተኛዋ መሆን አለባት።

"እትዬ" አልኩ በሹክሹክታ፣ "ምንድን ነው የያዙት?"

"የሕመምሽን ልክ ነዋ!" አሉኝ፣ እንደሚያስመሰግን ነገር። "ትናንት ደረትሽን በክር ስትዞሪ አየሁሽ። አፍራ ነው እንጂ ተስላለች አልኩ። ሰው በቁመቱ ጧፍ ይሳላል፣ አንች ደግሞ በሚያምሽ ቦታ ልክ። በሌላ ፈትል ገምጄ ሰም አስነከርኩልሽ። ማርያም ትስማሽ፤ እይ እንዴት አጥርቶ እንደበራ!"

ማልቀስና መሳቅ አንድ ላይ መጣብኝ። አፌን በነጠላዬ ይዤ ከግንቡ ውጭ ጎተትኳቸው። በተቆራረጠ ቃል ሁሉንም ነገርኳቸው፤ ለመውደቄ ምክንያቱ በሽታ ሳይሆን መቀነቱ እንደሆነ፣ መኪናው እየጫነ እንደሆነ፣ ልኬ እጃቸው ላይ እየነደደ እንደሆነ።

"ለጡት ልብስ?" አሉ እትዬ። "ለጡት ብቻውን?" ከዚያ የጧፉን ቁራጭ አዩት፣ በኽምጥኛ አንድ ነገር አጉተመተሙ፣ እፍ ብለው አጠፉት። "በይ ቅደሚ!"

ቤት ገብተን በሩን ቀረቀርን። ከእንዝርታቸው ክር በጠሱ። መቀነቴን የፈቱት ራሳቸው ናቸው። ከብብቴ እስከ ጎድኔ የጨርቁ ምልክት ቆዳዬ ውስጥ ገብቶ፣ አንዳንዱ ጠቁሮ፣ አንዳንዱ ቆስሎ ነበር። ከማንም ደብቄው ኖሬ ራሴም ማየት አቁሜ ነበር።

"እኔም ነበረብኝ" አሉ። "ሙሽራ ሳለሁ አማቴ 'ደረትሽን ሰብስቢ' ይሉኝ ነበር። ጎንበስ ብዬ ስሄድ ጎንበስ እንዳልኩ ቀረሁ። ጀርባዬን የወፍጮ ሥራ ያጎበጠው ነበር የሚመስለኝ።"

ይህን ሲሉ ክሩን እያዞሩብኝ ነው። እኔ ደግሞ የመኪናው ጥሩምባ በተሰማ ቁጥር "ቶሎ፣ ቶሎ!" እላለሁ። ቋጠሮውን ቋጥሬ ልወጣ ስል ክንዴን ያዙኝ።

"እኔንም ለኪኝ።"

"አሁን? እትዬ፣ መኪናው!"

"አሁን!" አሉና ቀሚሳቸውን ፈቱ። እጃቸውን ዘርግተው ቆሙ። ረጅም ትንፋሽ አወጡ፤ እንደዚያ ያለ ትንፋሽ ከእሳቸው ሰምቼ አላውቅም። ለካኋቸው። ከእኔ ክር እንዲለይ በቀረው ሰም ቀባነው። ሁሉንም ከገንዘቡ ጋር በጨርቅ ቋጠርነው።

መኪናው ተነስቶ መንገድ ጀምሯል። ከዚህ በኋላ የሆነውን ሰቆጣ ብዙ ጊዜ ስቃበታለች። እትዬ ብርነሽ፣ ጥላ ከፍተው እንጂ የማይሄዱት ሴት፣ በአቋራጭ ቁልቁል ሮጠው እጃቸውን እንደ መስቀል ዘርግተው መኪናው ፊት ቆሙ። ሹፌሩ ፍሬኑን ረግጦ "እናቴ፣ ምን ሆኑ?" ሲል ጨርቁን በመስኮት ጣሉበት። "ለወይዘሮ አስካለ እህት! እንዳትፈታው!" ሹፌሩ ክታብ መስሎት ኖሮ ተሳልሞ ኪሱ ከተተው። እኛ ቤት ሳንገባ ዝናቡ ወረደ።

ያን ክረምት እንዴት እንዳሳለፍኩት እግሬ ያውቃል። በር ላይ ቆሜ፣ ከበር ወደ ጓዳ፣ ከጓዳ ወደ በር። በለስ ደርሶ በየጉሊቱ ይሸጣል፤ እየላጥኩ ስበላ እሾሁ ጣቴ ላይ ይቀራል፤ ሌሊቱን ሙሉ ያንን እሾህ ስፈልግ አድራለሁ። እትዬ ግን ተረጋግተው ይፈትላሉ። አንዳንዴ ብቻ፣ ዝናቡ ጋብ ሲል፣ "ደሴም ይዘንባል ይሆን?" ይላሉ። ያኔ እሳቸውም እንደሚጠብቁ ይገባኛል።

መስቀል ሲቃረብ አባቴ በበቅሎ መጡ። በርኖሳቸው ረጥቦ የበግ ሽታ ይሸታል።

"እነዚያ ሰዎች ቁርጡን ንገሩን ብለዋል" አሉኝ።

"ትምህርት ሲከፈት ይዩኝ፤ ከወደቅሁ አብሬዎት እሄዳለሁ።"

"ካልወደቅሽስ?"

"ከዚያ በኋላ አይጠይቁኝም።"

አባቴ የረጠበ በርኖሳቸውን አወለቁና "ይሁን" አሉ። እኔ እንደሆነ ቃሉ ከአፌ ከወጣ ጀምሮ እንቅልፍ አጣሁ፤ መኪናው አልመጣማ!

በመስቀል ማግስት መጣ። በጋዜጣ የተጠቀለሉ ሁለት ጡት መያዣዎች፣ ከላክናቸው ክሮች ጋር። የእኔ ላይ ሦስተኛ፣ የእትዬ ላይ አራተኛ የሚል ወረቀት ተሰፍቷል። ጓዳ ገብቼ የእኔን አጠለቅሁ። መንጠቆው አልደረስ አለ። ሳብኩ፤ እትዬም ሳቡ፤ አልደረሰም። ነገሩ ወዲያው ታየኝ። ክሩን ሲያዞሩብኝ፣ በዚያ ጥድፊያ፣ ደረቴን ወደ ውስጥ ሰብስቤ ነበር የቆምኩት። መቀነቱ ተፈትቶም እኔ ራሴን ማሰሬን አልተውኩም ነበር። መሬት ላይ ተቀምጬ አለቀስኩ። ነገ ትምህርት ይከፈታል።

እትዬ ወደ ጋዜጣው ጎንበስ አሉ። የራሳቸውን ከጋዜጣው አወጡ፣ ላስቲኩን አንዴ ሳብ አድርገው አዩት፣ ደረቴ ላይ አድርገው ከኋላዬ በመጨረሻው መንጠቆ ቆለፉት። ልክ ሆነ። ትከሻዬ ቀለለ። አየር እስከ ሆዴ ድረስ ወረደ።

"የእርስዎ ነው እኮ!" አልኳቸው።

"እኔ ቁጥሬን ለማወቅ ነው" አሉ ጋዜጣውን እያጠፉ። ከዚያ ለራሳቸው ያህል፣ "ለካ አራተኛ ነኝ" አሉ።

በማግስቱ ሜዳው ላይ ዘለልኩ። አባቴ ከአጥሩ ውጭ ጥላቸውን ተመርኩዘው እስከ መጨረሻው አዩኝ። ከዚያ በቅሏቸውን አስጫኑ። "ልጄ ሥራ ላይ ናት እላቸዋለሁ" ብለውኝ ሄዱ። በሚቀጥለው በጋ ለእትዬ ሌላ ላዝዝላቸው ነበር፤ በጋው ሳይደርስ በአጭር ሕመም አረፉ።

ይህን ስጨርስ ልጅቱ ሜትር ከጎረቤት ተውሳ አመጣች። ራሷን ከለካች በኋላ፣ ሳልከለክላት፣ የሰሙን ክር በሜትሩ ላይ ዘርግታ አነበበች። "በዛሬ አቆጣጠር ሌላ ቁጥር ነው የሚሆነው" አለችኝ።

"አራተኛ ናቸው" አልኳት።

ክሩን ጠቅልዬ ወደ ሳጥኑ መለስኩት። ሰም ስላለው ብለኩሰው እስከ ቋጠሮው ድረስ አጥርቶ ይበራል። በየዓመቱ በሰኔ ማርያም ለእትዬ ጧፍ አበራለሁ፤ በዚህ ክር ግን አላደርገውም። እሳቸው ያን ዕለት እጃቸውን ዘርግተው፣ ትንፋሻቸውን ለቀው የተለኩት ለጧፍ አልነበረም።