መስኮቷ ተከፈተ ወይ?

ሊይዙኝ የመጡት ሰዎች ቀረጻው እስኪያልቅ በር ላይ ቆመው ጠበቁኝ። ካዛንቺስ ውስጥ አንድ የቆየ ፎቅ ጀርባ፣ የውጭ ድምፅ እንዳይገባ ግድግዳዋን በብርድ ልብስ የሸፈንናት ጠባብ ክፍል ነበረችን። እዚያ ልቦለድ እተርክ ነበር፤ በየሳምንቱ አንድ ምዕራፍ ዩቲዩብ ላይ እንጭናለን። ማይኩን ሳጠፋ አንደኛው ሰውዬ «ጨረስሽ? በይ እንሂድ» አለኝ። ቢቆጣ ይሻለኝ ነበር፤ ጨዋነቱ አስፈራኝ።

ጥፋቴ መጽሐፉ ነበር። ታሪኩ የሚሆነው በምድር ላይ በሌለ ከተማ ውስጥ ነው። በዚያ ከተማ ወደ መንገድ የሚያሳይ መስኮት ሁሉ በብሎኬት እንዲደፈን ታዟል፤ ሰዉ ውጭ ምን እንዳለ የሚሰማው ከድምፅ ማጉያ ብቻ ነው። አንዲት ልብስ ሰፊ መስኮቷን ሊደፍኑ ለመጡት ሠራተኞች «መስኮቱን ድፈኑት፤ መንገዱን ግን አውቀዋለሁ» ትላቸዋለች። ያቺን ዓረፍተ ነገር ልጆች በእኔ ድምፅ ቆርጠው በየስልኩ አዛመቷት። ደራሲው በብዕር ስም ስለጻፈ ማን እንደሆነ አልታወቀም፤ ስለዚህ አንባቢዋን ያዙ።

የገባሁበት ክፍል የእርጥብ ሲሚንቶና የበረኪና ሽታ ነበረው። መስኮቱ ከውጭ በኩል በላሜራ ተሸፍኗል። ሳየው ሳቄ ሊያመልጠኝ ነበር። ሴቶቹ ፍራሽ ላይ ተጠጋግተው ተቀምጠዋል። ጨለማው ፊታቸውን ስለጋረደብኝ ዝም ብዬ «እንደምን ዋላችሁ» አልኩ።

ከጥግ በኩል አንዲት ሴት «ይሄን ድምፅ አውቀዋለሁ» አለች።

ካዛንቺስ ፀጉር ቤት ያላት ሴት ነበረች፤ በዕድሜ ትበልጠኛለች። ሹሩባ እየሠራች ትረካዬን ለደንበኞቿ ታስደምጥ እንደነበር ነገረችኝ። ወንድሟን ፈልገው ሲያጡት እሱ እስኪመጣ ብለው እሷን አስገቧት። የት እንዳለ አታውቅም፤ ብታውቅም እንደማትናገር ከአነጋገሯ ያስታውቅ ነበር። ከቤት የሚመጣላትን ምግብ ከፍታ ከጎኗ አስቀመጠችኝ። ለሌሎቹም ይቺ ናት ያቺን ነገር የተናገረችው ብላ አስተዋወቀችኝ። እኔ አነበብኩት እንጂ የተናገርኩት እኔ አይደለሁም ብላት፣ «ያው ነው። እኔ የሰማሁት ካንቺ አፍ ነው» አለችኝ።

በማግስቱ ጠዋት መርማሪው አስጠራኝ። የሚፈልገው አጭር ነገር ነው፤ አንዲት ገጽ ጽሑፍ በራሴ ድምፅ ላነብ፣ እሱም በስልኩ ሊቀዳኝ። ጽሑፉ መጽሐፉ የተጻፈው ሰውን ለማሳሳት ነው፣ እኔም ተታልዬ ነው፣ ወጣቶችም በተረት አትነሳሱ ይላል። ካነበብኩ ወደ ቤቴ እሄዳለሁ። ማንበብ የነበረበት ሰው እኔ የሆንኩት በድምፄ ምክንያት ነው፤ ሰዉ ድምፅሽን ያምነዋል አለኝ። እስከ ነገ አስቢበት ካለ በኋላ መሳቢያውን ከፍቶ መጽሐፉን አሳየኝ።

«መጨረሻውን አንብቤዋለሁ። ያቺ ልብስ ሰፊ እንኳ እምቢ ብላ አልጸናችም» አለኝ።

እውነቱን ነው። ሰው ሁሉ የሚያውቃት በዚያች በደፋር ቃሏ ነው እንጂ፣ ገና ባልተረክሁት በመጨረሻው ምዕራፍ ልብስ ሰፊዋ ራሷ ሲሚንቶ አቡክታ የጎረቤቷን መስኮት ትደፍናለች። ማንም አይመታትም፤ በቃ ደክሟት ነው። ያን ምዕራፍ መጀመሪያ ያነበብኩ ቀን ደራሲውን ጠልቼው ነበር። ያን ዕለት ከመርማሪው ክፍል ስመለስ ግን ያወቀ ሰው ነው የጻፈው አልኩ።

ከሰዓት በኋላ ፀጉር ሠሪዋ ፊቷ አስቀምጣ ሹሩባ ትሠራኝ ጀመር። ጣቶቿ ፈጣን ናቸው፤ ስትስብ ታሳምማለች። ሴቶቹ ትረካውን ካቆምኩበት እንድቀጥል ለመኑኝ። ቀጠልኩ። ድምፄን ዝቅ አድርጌ፣ ገጹ ፊቴ ያለ ያህል፣ የማስታውሰውን ሁሉ ተረኩላቸው። አንዷ ሳሏ እንዳይረብሸኝ አፏን በነጠላዋ ጫፍ ይዛ ነበር። መጨረሻው እየቀረበ ሲመጣ ግን ትረካውን አዘገየሁት፤ ወዴት እንደምወስዳቸው የማውቀው እኔ ብቻ ነኝ።

በሩ ተከፈተና ፖሊሷ የፀጉር ሠሪዋን ስም ጠራች።

«ከነዕቃሽ ውጪ» አለቻት።

ከነዕቃሽ ማለት ሁለት ነገር ነው፤ ወይ መፈታት ነው፣ ወይ ወዳልታወቀ ቦታ መዛወር። የሚፈታ ሰው ብርድ ልብሱን ለቀሪዎቹ ትቶ ይወጣል፤ የክፍሉ ልማድ ነው። እሷም ብርድ ልብሷን አጥፋ ጭኔ ላይ አስቀመጠችው። ፖሊሷ አየቻትና ቀስ ብላ፣ «ብርድ ልብሱን ያዢው። ያስፈልግሻል» አለች። ክፍሉ በሙሉ ገባው።

ፀጉር ሠሪዋ መልሳ አነሳችው። ከራሴ ግማሹ ተሠርቷል፣ ግማሹ እንደተበተነ ነው። በሩ ላይ ስትደርስ ዞረች።

«መስኮቷ ተከፈተ ወይ? እሱን ብቻ ንገሪኝ» አለችኝ።

አልተከፈተም ማለት አቃተኝ፤ ተከፈተ ማለትም አቃተኝ።

«ስትመጪ አነብልሻለሁ» አልኳት።

«እንግዲያው ተከፍቷል ብዬ ልሂድ» አለችና ወጣች።

በነጋታው መርማሪው ወረቀቱን ሰጠኝና ስልኩን ከፊቴ አቆመ። ፀጉሬን አይቶ ፊቱን አጨፈገገ፤ ፍቺው ቢለኝ አልፈታሁትም። አንብቢ አለኝ፤ አነበብኩ። ነጥብ የለ፣ ትንፋሽ የለ፣ ፊደል ገና እንደሚቆጥር ልጅ ቃል ከቃል እየነጠልኩ አነበብኩት። አስቆመኝ፤ ደግሜ እንደዚያው አነበብኩት።

«በድምፅሽ አንብቢ» አለኝ።

«ድምፄ ይሄ ነው» አልኩት።

ይሄ ጀግንነት አይደለም። ወረቀቱን አልቀደድኩም፤ እምቢም አላልኩም። ቅጂው የማይረባ ሆኖበት ተወው፤ እኔንም መልሶ አስገባኝ። ከወራት በኋላ በዋስ ወጣሁ።

እንደወጣሁ ፀጉር ቤቷን ፍለጋ ካዛንቺስ ሄድኩ። ሰፈሩ ፈርሷል። ዓይኔን ጨፍኜ የምሄድበት መንገድ ላይ ቆሜ ወዴት እንደምዞር ጠፋኝ፤ አንድ የጥበቃ ሠራተኛ እህቴ ማንን ነው የምትፈልጊው ብሎ ጠየቀኝ። መንገዱን አውቀዋለሁ የሚለውን ቃል ለስንት ሰው ያነበብኩት እኔ መንገዱን አላወቅሁትም። ስለእሷ የጠየቅኋቸው ሰዎች ወይ አያውቋትም፣ ወይ መንገዳቸውን ቀጠሉ። ወንድሟም አልተገኘም።

አሁን ወሎ ሰፈር አንድ ቢሮ ውስጥ ለድርጅቶች የስልክ መልእክት እቀዳለሁ። «እባክዎ ጥቂት ይጠብቁ» የምትለው ሴትዮ እኔ ነኝ። የድሮ አድማጮቼ የመጨረሻውን ምዕራፍ መቼ ነው የምትለቂው እያሉ አሁንም ይጽፉልኛል። መጽሐፉ ጠረጴዛዬ ላይ አለ። ካነበብኩት የልብስ ሰፊዋ መስኮት ሳይከፈት የጎረቤቷም ይደፈናል፤ ፀጉር ሠሪዋ ደግሞ ተከፍቷል ብላ ነው የሄደችው። የት እንዳለች፣ ትኑር አትኑር አላውቅም። አላነበብኩትም።