ሦስተኛው ዱዓ

የምትወዱት ሰው ሲሰናበታችሁ በዓይናችሁ ሳይሆን በስልካችሁ ብቻ አይታችሁት ታውቃላችሁ? እኔ ታናሽ እህቴን እንዲያ ነው የሸኘኋት።

በዚያ ሰሞን ደሴ በማስተምርበት ትምህርት ቤት ለፊልም ክበባችን አንድ አጭር የኢራን ፊልም አሳይቼ ነበር። ታሪክ የለውም ማለት ይቻላል። እናት ልጇን ትሸኛለች፤ ከኋላው አንድ ጣሳ ውሃ ታፈሳለች፤ ውሃው በድንጋዮቹ መሀል ይወርዳል፤ አለቀ። ማስረዳት ስለምወድ አስረዳሁ።

"ፋርሶች መንገደኛቸው እንደ ውሃ ሳይሰናከል ሄዶ እንዲመለስ ነው የሚያፈሱት። አያችሁ፣ ማንነታቸውን በአንድ ጣሳ ነገሩን።"

"የእኛስ ጣሳ የታለ፣ ቲቸር?" አለች አንዲት ተማሪ።

መልሱን ኮምቦልቻ፣ እናቴ ቤት አገኘሁት። እህቴ ለሥራ ወደ ዓረብ አገር የምትሄድበት ጠዋት ነበር። በእኛ ቤት መንገደኛ ያለ እናት ዱዓ ደጁን አይሻገርም። እናቴ መዳፎቿን ዘረጋች፤ እህቴ አንገቷን ደፋች። ለክበባችን ፊልም ልቀርጸው ስልኬን ደገንኩ።

"ያ ረቢ፣ በወጣችበት እግሯ በሰላም…" እናቴ ሳግ ተናነቃትና ድምፅዋ ተቆረጠ። ወዲያው አንድ የጭነት መኪና ጡሩንባውን እየነፋ አለፈ።

"እማ፣ ድምፁ ተበላሸ። እንደገና።"

"ዱዓ እንደ ማባዣ ሰንጠረዥ ይደገማል እንዴ?"

እህቴ ሳቀች። "እሺ በይው እማ፣ ኋላ ፈተና ያወጣብናል።"

በሁለተኛው እናቴ ካሜራውን አየች። ሦስተኛው ጥርት ያለ ነበር፤ ሳግ የለ፣ መኪና የለ። ስልኬ ስለሞላ የፊተኞቹን ሁለቱን እዚያው ደጃፍ ላይ አጠፋኋቸው። "አሚን" ማለቴን ግን አላስታውስም።

ሦስተኛውን ዱዓ አጭር ፊልም አድርጌው ከክበቡ ጋር ደሴ ፒያሳ አካባቢ ባለ አንድ አዳራሽ አሳየን፤ ተጨበጨበ። ለእህቴም ላክሁላት። በሁለተኛው ቀን ደወለች።

"ይሄ ያንተ ነው። የኔን ላክልኝ።"

"የቱን?"

"እማ ያለቀሰችበትን።"

"አጥፍቼዋለሁ።"

"አይ ቲቸር!" ብላ ዘጋችው።

እናቴን ሌላ ዱዓ እንድትቀዳላት ለመንኳት። "አራተኛ?" አለችና ጓዳ ገባች።

የፋርሶቹን ውሃ ያን ያህል ስተነትን የገዛ ተረታችንን ረስቼው ኖሯል፤ የፈሰሰ ውሃ አይታፈስም።

እስኪ እናንተ ሞክሩት። በሚቀጥለው ስንብት ስልካችሁን ኪሳችሁ ክተቱና ሁለት እጃችሁን ዘርግታችሁ አሚን በሉ።