እናቴ ቤት ያልተሰቀለችው ቆንጆ

እኔና የኩባንያው ሾፌር ከአዲስ አበባ በማለዳ የተነሣነው የፊት ቅባት ለመሸጥ ነው። ዓምና በቁንጅና ውድድር አንደኛ ከወጣሁ ወዲህ ኩባንያው ፎቶግራፌን ቀን መቁጠሪያ ላይ አትሞ፣ እኔንም ከቅባቱ ጋር በየገበያው ያዞረኛል። የእኔ ጉዳይ ግን ሌላ ነበር። ሞጣ ያለችው እናቴ ለውድድር መቅረቤን ከሰማች ጀምሮ ተቀይማኛለች። ቀን መቁጠሪያውን በእጄ ሰጥቻት፣ ግድግዳዋ ላይ ስትሰቅለው ለማየት ጓጓሁ።

የዓባይን በረሃ ስንወጣ የላንድሮቨሩ ውሃ እየፈላ አስቸገረን። ደጀን ላይ ሽሮ በልተን ወደ ቢቸና ታጠፍን። መንገዱ አቧራ ነው፤ ግራና ቀኙ ጤፍ ይታጨዳል።

ቢቸና

ገበያው ደርቷል። ሾፌሩ በድምፅ ማጉያ ቅባቱን ሲያሞግስ እኔ መኪናው ላይ ቆሜ ፈገግ እላለሁ፤ ሥራዬ ይኸው ነው። ብልቃጡ አንድ ብር ይሸጣል። አንዲት ኮረዳ ቀን መቁጠሪያው ላይ ያለውን ሥዕሌን ከእኔ ጋር ስታስተያይ ቆየችና የአንገቷን ንቅሳት እየነካች ጠየቀችኝ።

«እትዬ፣ ይኸ ቅባት ንቅሳት ያጠፋል?»

«አያጠፋም።»

«የርስዎን ታዲያ ምን አጠፋው?»

አንገቴን የሸፈንሁበት ሻሽ ሸርተት ሲል ንቅሳቴን አይታለች። ሥዕሉ ላይ ግን አንገቴ ባዶ ነው፤ ለገበያ አይሆንም ተብሎ ፎቶ አንሺው በብሩሽ አጥፍቶታል። ይህን ልነግራት ስል ሾፌሩ ገላመጠኝ፤ ሻሼን መልሼ ሳብሁ። እሷም ገዛች።

ሞጣ

ከልጅነቴ የሚያውቁኝ ነጋዴ፣ ሐጂ እንድሪስ፣ ቀን መቁጠሪያውን ሱቃቸው ውስጥ ሰቅለውት አገኘሁ።

«እናትሽ በየገበያው ቀን ከዚህ ሥር ቆመው ጨው ይገዛሉ» አሉኝ። «አንቺ መሆንሽን ግን አላወቁም መሰለኝ።»

የያዝሁትን ቀን መቁጠሪያ ጠቅልዬ ወደ እናቴ ቤት ሄድሁ።

እናቴ ደጅ ድረስ ወጥታ አቅፋ ሳመችኝ፤ ቅያሜው የት እንደገባ እንጃ። ቀን መቁጠሪያውን ሰጠኋት። ወደ ብርሃኑ አዙራ ብዙ አየችው።

«ቆንጆ ናት። የማን ልጅ ናት?»

«እኔ ነኝ፣ እማዬ።»

ሻሼን ፈታ አንገቴን ዳበሰችው። ያኔ በልጅነቴ ነቃሿ ስትወጋኝ ራሴን ጭኗ ላይ ይዛ አብራኝ ያለቀሰችው እሷ ነበረች።

«አንቺስ ይኸው አለሽ» አለች። ወረቀቱን ጠቅልላ እጄ ላይ አኖረችው። «ይችን ለናቷ መልሻት። የሰው ልጅ ቤቴ አልሰቅልም።»

አዲስ አበባ

ስንመለስ ቢቸና ላይ ያችን ኮረዳ በዓይኔ ፈለግሁ፤ የለችም። ቅባቱን አንገቷ ላይ ስታሽ እየታየችኝ እስካሁን ይቆጨኛል። ከጉዞው የተረዳሁት ነገር ቢኖር፣ የተሸለመችው ያች ሥዕሉ ላይ ያለችው እናት የሌላት ሴት መሆኗን ነው፤ እኔ እሷን ይዤ የምዞር ነኝ።

በተመለስን በማግስቱ ኩባንያው ለአዲስ ፎቶግራፍ ጠራኝና ሄድሁ። ፎቶ አንሺው ሻሽሽን ፍቺ አለኝ፤ ፈታሁ። ንቅሳቱን የሚሸፍንበትን ዱቄት ይዞ ሲመጣም አንገቴን ቀና አደረግሁለት።