ሰርገኛ ነን ያልኩ ቀን

እንደኛ ያለውን፣ አባቱ ከወዲህ እናቱ ከወዲያ የሆነውን ሰው ምን ብለው እንደሚጠሩት በየደረስኩበት እሰማለሁ። እኔ ደግሞ እግሬ አያርፍም። አዳማ ሴቷ ልጄ ጋ ትንሽ ተቀምጬ ሲሰለቸኝ ባቱ ዘመድ ጥየቃ እሄዳለሁ፤ ከባቱ አርሲ ነገሌ ወንዱ ልጄ ጋ እሻገራለሁ። «የእማዬ አድራሻ ሚኒባስ ነው» ይላሉ ልጆቼ። ጆሮ ላለው ሰው ሚኒባስ ትምህርት ቤት ነው። ደህናውን ትምህርት ቤት እኔ አልገባሁም፤ ፊደሉን ያስያዙኝ ልጆቼ ናቸው፣ ቃሉን ግን የለቀምኩት ከመንገድ ነው።

አንዳንዱ «ድብልቅ» ይለናል። ድብልቅ ሲሉኝ ከበርበሬና ከቅመም ጋር ወፍጮ ቤት የተሰለፍኩ ይመስለኛል። «ቅይጥ» የሚልም አለ። እሱ ይብሳል፤ ቅይጥ ሲባል እኔ የማውቀው ሙዝ የተለወሰበትን ቅቤ ነው። «ክልስ» የፈረንጅ ልጅ ነው፣ እኛ ጋ አይደርስም። ሌላም አንድ ቃል አለ፣ ሰው ሲናደድ የሚወረውረው። እሱን አልጽፈውም፤ የተወረወረበት ያውቀዋል።

ልጄ መሥሪያ ቤት ስለምትውል የሷ ቃል ሌላ ነው። «እማዬ፣ እኛ ሕብረ ብሔራዊ ቤተሰብ ነን» ትለኛለች። ቃሉ ደስ ይላል፣ ከረባት ያሰረ ቃል ነው። ግን እኔ አፍ ላይ አይቆምም። አንዴ «ሕብረት ብሔራዊ» እላለሁ፣ አንዴ «ሕብረ በአላዊ» እላለሁ፤ ልጄ ትስቃለች፣ ቆይታ ደግሞ ትናደዳለች።

የኔ ቃል ሰርገኛ ነው። እናቴ ናት ያወረሰችኝ። አባቴ የመንዝ ሰው፣ እናቴ የአርሲ ኦሮሞ፤ ልጆች ሆነን ጎረቤት «እናንተ የማን ናችሁ?» ብሎ ሲያፋጥጠን እናቴ ከጓዳ ሆና «ሰርገኛ ናቸው!» ትል ነበር። ነጩና ቀዩ ጤፍ አንድ ማሳ ላይ አብሮ ሲበቅል ሰርገኛ ይባላል። ማንም ቆሞ አልቀየጠውም፤ አብሮ በቀለ፣ አብሮ ታጨደ፣ በቃ። እኔ ደግሞ ጉራጌ አገባሁ። ልጄ የወላይታ ልጅ አገባች። የልጅ ልጄ እንግዲህ ከሁሉም አላት፣ ማሳው እየሰፋ ነው የሄደው።

ይቺ የልጅ ልጄ ናት አምና ጭንቅ ውስጥ የከተተችን። አንድ የባቱ ልጅ ወደደች። ልጁ አዳማ የመኪና መለዋወጫ ሱቅ አለው፤ ቁጥብ ነው፣ አይጠጣም፣ እኔን ሲያይ ባጃጅ አስቁሞ ይወርድልኛል። ሃይማኖታችንም አንድ ነው። ወገኖቹ ኦሮሞ ናቸው፤ ሽማግሌ እንልካለን አሉ። ልጅቷ ግን እንቅልፍ አጣች። ከዚህ በፊት አንድ ጊዜ የሌላ ልጅ ሽማግሌዎች መጥተው፣ ወገናችንን ጠይቀው፣ መልሱን ሰምተው፣ በዚያው የውሃ ሽታ ሆነዋል። ያኔ ልጅቷ ብዙም አልከፋትም ነበር፤ ያኛውን ያን ያህል አልወደደችውም። ይሄኛውን ግን ወዳዋለች።

«እማማ፣ እነዚህም እንደነዚያ ቢሄዱስ?» አለችኝ፣ ጉልበቴ ላይ ተደፍታ።

«ቢሄዱ ተከትዬ እመልሳቸዋለሁ። እኔ እንደሆነ መንገድ አይደክመኝ።»

እናቷ ግን ዕቅድ አወጣች። «ትልቅ ሰው ስለሆንሽ አንቺን ነው የሚጠይቁት። ስለዚህ እንዲህ በይ፦ ሕብረ ብሔራዊ ቤተሰብ ነን። አለቀ። ሌላ አትጨምሪ።» ሳምንቱን ሙሉ አስጠናችኝ። ሽንኩርት ስልጥ ሕብረ ብሔራዊ፣ ፊቴን ስታጠብ ሕብረ ብሔራዊ። ቅዳሜ ማታ አንዴም ሳልሳሳት አልኩላት።

እሑድ መጡ። ሦስት ሽማግሌዎች፤ ከፊት የቆሙት የልጁ የአባቱ አጎት ናቸው። ባቱ ውስጥ ጋሪ ሲነዱ የኖሩ፣ ረዥም፣ ድምፃቸው ፈረስ የሚያስቆም ሰው።

«ተቀመጡ እንጂ» አለ የልጄ ባል።

«የመጣንበት ጉዳይ ሳይሰማ አንቀመጥም።»

ንግግሩ በአማርኛ ሆነ፤ የልጄ ባል ኦሮምኛ አይችልማ። ልጄና የልጅ ልጄ ከመጋረጃው ኋላ ናቸው፣ ከስር እግራቸው ይታያል። ሽማግሌው ልጃችን ልጃችሁን ወዷል፣ ልጅ ልንሆናችሁ መጣን ብለው ወጉን ካደረሱ በኋላ ወደ እኔ ዞሩ።

«አዴ፣ እናታችን፣ እርስዎ እያሉ ሌላ ሰው አይጠየቅም። እስቲ ወገናችሁን ያጫውቱን።»

ቆምኩ። ነጠላዬን አስተካከልኩ። «እኛ» አልኩ፣ «ሕብ…» ቃሉ የለም። ማታ እዚህ ነበር፣ አሁን የለም። «ሕብራ…» አልኩ። መጋረጃው ተንቀጠቀጠ። ሰው ፊት ቆሞ መንተባተብ ደግሞ ጥሩ አይደለም፣ የሚደበቅ ነገር ያለ ያስመስላል።

«ልጃችን ሰርገኛ ናት» አልኩ።

ሽማግሌው ከዘራቸውን ጠበቅ አደረጉ። «ሰርገኛ?»

«አዎ። እናቷም ሰርገኛ ናት።»

«እናቷም?»

«እኔ ራሴ ሰርገኛ ነኝ። ምን አለፋዎት፣ ቤቱ በሙሉ ሰርገኛ ነው!»

ደረቴን ነፍቼ ነው ያልኩት። ሽማግሌው ግን ጓደኞቻቸውን አዩ፣ ጓደኞቻቸው መሬቱን አዩ። «እንዲህ ከሆነማ» አሉ ቀስ ብለው፣ «ቀድመን መጠየቅ ነበረብን። ጥፋቱ የኛ ነው። እግዜር ይስጥልን።» ጎንበስ ብለው ሰላምታ ሰጡና ወጡ። የተሠራው ምግብ ክዳኑ ሳይነሳ ቀረ።

መጋረጃው ተገለጠ። «እማዬ!» አለች ልጄ። «በጤፍ ትመስዪን? ሰው እህል ነው እንዴ?»

«ታዲያ በምን ልመስልሽ? ከጤፍ የሚበልጥ ምን አለ?»

«እነሱ ምን ይላሉ? እነዚህ ራሳቸውን የሚያከብሩ አይደሉም አይሉም?»

የልጅ ልጄ ገብታ ተኛች። ማታውን ልጁ ደወለላት፤ እሷም እየጮኸች አውርታ ስልኩን ዘጋችበት፣ ከዚያ ወዲህ ቢደውል አታነሳም። ምን እንዳላት እንኳ የነገረችኝ በማግስቱ ነው።

«ሌላ ሰው አለሽ ወይ ይለኛል! እኔን! መቀየጣችንን ጠልተው ሲያበቁ ሰበቡን እኔ ላይ! ከዚህስ ፊት ለፊት አልፈልግሽም ቢለኝ ይሻለኝ ነበር።»

ሌላ ሰው? ይሄ ነገር አልዋጥልኝ አለ። ወገናችንን የናቀ ሰው ወገናችንን ንቄያለሁ አይልም እንበል፣ ግን ሌላ ሰው ከየት መጣ? ማክሰኞ ጠዋት ነጠላዬን ለበስኩና ልጄን «አርሲ ነገሌ ልሄድ ነው» ብዬ ባቱ ወረድኩ። አልዋሸሁም፤ መንገዱ አንድ ነው።

ባቱ ላይ የሽማግሌውን ቤት ለማግኘት ጠያቂ አይቸገርም፤ የመጀመሪያው ባለጋሪ ወስዶ ደጃፋቸው ላይ አወረደኝ። ሽማግሌው ጥላ ሥር ተቀምጠው፣ ሚስታቸው ቆሮሶ ዓሣ እየጠበሱ ነበር።

«አካም ጅርቱ» አልኳቸው።

«ነጋ» አሉኝ፣ ቀዝቀዝ ብለው። ሚስታቸው ግን ወንበር አምጥተው አስቀመጡኝ፤ ማን እንደሆንኩ ሳይጠይቁ ዓሣ አቀረቡልኝ።

«ጋሼ» አልኩ፣ «አንድ ነገር ልጠይቅዎት ነው የመጣሁት። መደባለቃችንን ጠልተውት ከሆነ ለኔ ይንገሩኝ፤ ትልቅ ሰው ነኝ፣ እችለዋለሁ። ልጅቷ ላይ ግን ሌላ ሰው አላት እያሉ ስም አይለጥፉባት።»

«ምን መደባለቅ?»

«ሰርገኛ ነን ስልዎት አይደል እንዴ የወጡት?»

«ታዲያ ምን ላድርግ? ለሌላ የተሰጠች ልጅ ልለምን ኖሯል?»

«ለማን ተሰጠች?»

«እኔ በምን አውቃለሁ! እርስዎ ነዎት ያሉት! ልጅቷ ሰርገኛ፣ እናቷ ሰርገኛ፣ ቤቱ በሙሉ ሰርገኛ! የሰው ሙሽራ ታጅባ ልትወጣ ሰርገኛው ተሰብስቦ ሳለ የደረስን መስሎኝ አፈርኩ። እንዲያውም አሮጊቷም ሊጨፍሩ ተዘጋጅተዋል ብዬ ለልጁ ነግሬዋለሁ።»

የያዝኩት ዓሣ ከእጄ ወደቀ። እኔ ሳልናገር ሚስታቸው ቀደሙኝ። መጥበሻውን ትተው ጭናቸውን እየመቱ ሳቁ።

«አንተ ሰውዬ! ሰርገኛ እኮ ጤፍ ነው!»

«ጤፍ?»

«ነጭና ቀይ የሆነ ጤፍ! ዕድሜህን ሙሉ የምትበላው!»

«እኔ ነጭ ጤፍ ነው የምበላው» አሉ ሽማግሌው ኮራ ብለው።

«ማን ነጭ ገዛልህ?»

ሽማግሌው ሚስታቸውን አዩ፣ እኔን አዩ፣ ጓዳውን አዩ። ከዚያ ያ ፈረስ የሚያስቆም ድምፅ በሳቅ ፈነዳ። ስለ ገብስ፣ ስለ በቆሎ፣ ስለ ፈረስ ቢጠየቁ ያውቃሉ፤ ጤፍ ግን እሳቸው ጋ የሚደርሰው ተጋግሮ ነው፣ ስሙን ከየት ያምጡት?

ሳቁ ሲበርድ ወገናችንን አንድ በአንድ ነገርኳቸው። መንዝ አልኩ፣ አርሲ አልኩ፣ ጉራጌ አልኩ፣ ወላይታ አልኩ። አርሲ ስል የእናቴን ጎሳ ጠየቁኝ፤ ነገርኳቸው። ከልጁ ጎሳ ጋር እንደማይገናኝ ሲያውቁ እፎይ አሉ፤ የአንድ ጎሳ ልጆች አይጋቡማ። ከዘራቸውን መሬት ላይ ሲያሽከረክሩ ሚስታቸው ከምድጃው በኩል «የራስህንም ንገራቸው እንጂ» አሏቸው።

«ምኑን?»

«የእናትህን እናት።»

«እሷማ የደሴት ሰው ናት» አሉ ሽማግሌው፣ በእጃቸው ሐይቁን እያሳዩኝ። «ዛይ ናት። በጀልባ ነው የመጣችው። ዓሣ ከሷ በላይ የሚያውቅ አልነበረም።»

«ይሄንን ልጁ እንኳ አልነገረን!»

«ልጁም አያውቅ። የጠየቀኝ የለማ! እኔን ሰው ስሜን ይሰማና ያልፋል።»

«ታዲያ እርስዎም ሰርገኛ ነዎት።»

«ቆይ እንጂ» አሉ፣ እጃቸውን አንስተው። «አትቸኩዪ፣ ገና መቼ ለመድኩት?» ግን ደስ ብሏቸዋል። ቃሉን በአፋቸው ውስጥ ሲያገላብጡት ይታየኛል። ኋላ ቁምነገር ያዙ። «አዴ፣ እውነቱን ልንገርሽ። የሚያስጨንቀኝ አንድ ነገር ነው። እነዚህ ልጆች ሲወልዱ፣ ዘመድ ልጁን የማን ነው ቢለኝ ምን ብዬ እጠራዋለሁ?»

ይሄን እኔም አስቤው አላውቅም። ብዙ ቃል አውቃለሁ ብዬ ስኩራራ ኖሬ፣ ሕፃን ልጅ ላይ ሳስቀምጣቸው ሁሉም ሰፉበት፤ የልጄ ከረባት ያሰረውም፣ የኔ የጤፉም።

«ስም እናወጣለት የለ?» አልኩ። «በስሙ ይጥሩት።»

ሽማግሌው አሰቡበት። «ስሙን እኔ አወጣለሁ» አሉ።

«ይሁንልዎት።»

«ታዲያ ለልጅቷ ደውዪላታ! ምን ትጠብቂያለሽ?»

ስልኬን አወጣሁ፣ የልጅ ልጄ አነሳች። «አርሲ ነገሌ ደረስሽ?» አለችኝ በደከመ ድምፅ።

«ባቱ ነኝ። ሽማግሌው ቤት ዓሣ እየበላሁ ነው።»

«እማማ፣ ምን አደረግሽ?» ስትል ሽማግሌው ስልኩን ከእጄ ወሰዱት።

«ልጄ፣ እኔ ነኝ» ብለው ጮኹ፤ ስልክ ላይ የሚጮኹት ከባቱ አዳማ ድረስ ሩቅ ስለሆነ ይመስለኛል። «ያን ሌላ ሰው አለሽ ወይ ያለሽን ልጅ አትቀየሚው፤ እኔ ነኝ ያሳሳትኩት። አያትሽ የተናገሩት አልገባኝም፣ ጤፍ አላውቅም። እሑድ ተመልሰን እንመጣለን፣ አሁን ቁጭ ብለን ነው የምንበላው። ግን አባትሽን ከመጠየቄ በፊት አንቺን ልጠይቅ፤ ልጁን ትፈልጊዋለሽ ወይስ ተቀይመሽዋል?»

ሚስታቸው መጥበሻውን ከእሳት አነሱ፤ ሲንቸለቸል እንዳይረብሽ። እኔ የነጠላዬን ጫፍ ይዤ ቀረሁ። ስልኩ ውስጥ ትንሽ ነገር ተሰማ።

«ምን አለች?» አሉኝ ሽማግሌው። «ጆሮዬ አልያዘውም።»

«እፈልገዋለሁ አለች።»

«እኔ አልሰማሁም። ድገሚው ልጄ! የዚህ ቤት ሰው ሁሉ ይስማ!»

«እፈልገዋለሁ!» አለች የልጅ ልጄ፣ አዳማ ሆና፤ ከውጭ የቆመው ባለጋሪ እንኳ ዘወር ብሎ አየን።